የመቃኑ ጭረቶች

በአንድ ወንዝ ዳር መንደር አንድ ባሩድ ወቃጭ ነበረ። ከሰል ያከስላል፣ ድኝ ይገዛል፣ ከዋሻ የተጠረገውን ነጭ ጨው አፍልቶ ያጠራል፤ ሦስቱን ለክቶ ይወቅጣል። አዳኝ ከእሱ ይገዛል፤ ለሰርግ የሚተኩስ ከእሱ ይገዛል፤ ዘማችም ሲያልፍ ቀንዱን የሚሞላው ከእሱ ደጅ ነው።

ይህ ሰው አንድ ሕግ ነበረው። ክረምት ሲገባ ባሩድ እርጥበት ይስባል። እርጥበት የሳበ ባሩድ እዚያው ጆንያው ውስጥ ይጋገራል፤ ይጠጥራል። ያን ጊዜ ሰውየው ብረት አይነካም። በውሃ ያርሰዋል፣ በእንጨት ዘነዘና ቀስ እያለ ይፈረካክሰዋል፣ ከምድጃ አርቆ በሰሌን ላይ ለፀሐይ ያሰጣዋል። ሥራው ሦስት ቀን ይፈጃል፤ ሰማዩ ከጠቆረ ሳምንት። ገዢ ቢቆጣ፣ "ከቸኮልክ ወዳጄ፣ በጦር ተዋጋ" ብሎ ይመልሰዋል።

ሰውየው አረጀ፤ ሞተም። ቤቱና ሙያው ለእህቱ ልጅ ደረሰ።

የእህቱ ልጅ ሰነፍ አልነበረም፤ ይህን ልብ በሉልኝ። ዶሮ ሳይጮህ ይነሳል፣ በሚዛን አያታልልም፣ የሰው ገንዘብ አይበላም። አንድ ክረምት ግን የአገሩ ገዢ ክተት አወጀና አንድ የጦር አለቃ ደጁ ላይ ቆመ። "ለነገ ጠዋት ሦስት ቁና ባሩድ" አለ። ልጁ ጆንያዎቹን ዳሰሰ፤ ሁሉም ጠጥረዋል። ዘነዘናውን አየ፤ የሦስት ቀን ሥራ ነው። ግድግዳው ላይ የተሰቀለውን መዶሻ አየ፤ የአንድ ሌሊት ሥራ ነው።

መዶሻውን አወረደ። ፊቱን አዞረ፣ ዓይኑን ጨፈነ፣ ክንዱን የቻለውን ያህል ዘረጋና አንዴ መታ።

ምንም አልሆነም። የጠጠረው ባሩድ ጠርዝ ተፈረፈረ እንጂ ሌላ የሆነ ነገር የለም። ልጁ ጉልበቱ እስኪረጋ መሬት ላይ ተቀመጠ። ከዚያ ተነስቶ ሌሊቱን ሙሉ መታ። ጎህ ሲቀድ ሦስቱ ቁና ሞላ፤ አለቃውም ከፍሎ፣ መርቆ ሄደ። ልጁ ካራውን መዘዘና በበሩ መቃን ላይ አንዲት ጭረት ጫረ። "ተመስገን፤ ዛሬን ተረፍኩ" ብሎ ነው የጫራት።

ያቺ የመጀመሪያዋ ጭረት ምስጋና ነበረች። አምስተኛዋም፣ አሥረኛዋም ምስጋና ነበሩ። ሃያ ሲደርስ ዓይኑን መጨፈን ተወ። አርባ ሲደርስ ፊቱን ማዞር ተወ። ከመቶ በኋላ "ተመስገን" ማለቱን ረሳው፤ ካራው ግን አልረሳም፤ ጆንያ በተፈታ ቁጥር ይጭራል። የግራው መቃን ሞላ፤ ወደ ቀኙ ተሻገረ። ዘነዘናው ዶሮ ማባረሪያ ሆነ።

ያኔ ጭረቶቹ ሌላ ሥራ ያዙ። የሚጠራጠር ሰው ሲመጣ ልጁ አይከራከርም፤ አይምልም። ክንዱን ይዞ ወደ በሩ ይወስደዋል፤ "ቁጠር" ይለዋል። ሰውየው ይቆጥራል፣ ራሱን ይነቀንቃል፣ ባሩዱን ገዝቶ ይሄዳል። እንዲህ ያለ ምስክር ከየት ይገኛል? ጉቦ አይበላ፣ ቃሉን አይለውጥ፣ ቀን ቆጥሮ አይቀር።

አንድ ለሥራው አዲስ የሆነ ረዳት ነበረው። ይህ ረዳት አንድ ማለዳ፣ "ጌታዬ፣ በብረት ስንመታው ለምንድን ነው የማይነሳው?" ብሎ ጠየቀ።

"ስለማይነሳ ነዋ።"

"እሱንስ አየሁ። ለምን እንደሆነ ነው።"

ልጁ አሰበ። አሰበ፤ መልስ አጣ። ወደ መቃኑ ጠቆመ። ረዳቱም ከዚያ ወዲያ አልጠየቀም።

አንዲት አሮጊት ጎረቤት ነበረችው፤ የእሷ ቤትና የእሱ ቤት አንድ ግድግዳ ይጋራሉ። እሱ በመታ ቁጥር የእሷ ሰፌድ ከተሰቀለበት ይንቀጠቀጣል። አንድ ቀን ምርኩዟን ይዛ መጣች።

"ልጄ፣ አጎትህ በእንጨት ነበር የሚያፈርሰው።"

"እማማ፣ አጎቴ ፈሪ ነበሩ። ይምጡና ይዩ።"

ወደ መቃኑ ወሰዳት። ዓይኗ ደክሟልና በጣቷ ዳሰሰች፤ ግራውን ከላይ እስከ ታች፣ ቀኙንም ከላይ እስከ ወገቡ።

"ይህ ሁሉ የመታህበት ነው?"

"ሁሉም።"

"ደግ። አንተ የምታውቀውን እዚህ ጽፈሃል። ባሩዱ የሚያውቀውስ የት ተጻፈ?"

ልጁ ሳቀ፤ የንቀት ሳቅ አልነበረም። ክንዷን ደግፎ እስከ ደጇ ሸኛት።

በዚያው ሰሞን ከወንዝ ማዶ ክፉ ወሬ መጣ። ሌላ ወቃጭ የጠጠረ ባሩድ በብረት ሲመታ ጎጆው ተነሳ፤ እሱም ሁለት ልጆቹም አለቁ። ልጁ ደነገጠ። ዘነዘናውን ካለበት ፈልጎ አነሳው፤ አቧራውን ጠረገለት። ከዚያ ወሬ ነጋሪውን ጠየቀ፦

"ያ ሰው ስንት ጭረት ነበረው?"

"የምን ጭረት? ጭረት የሚባል አላየሁበትም።"

"እንግዲያ ጀማሪ ነው" አለና ዘነዘናውን መለሰ።

ክረምቱ ሳይወጣ ጨው የሚያመጣለት ነጋዴ አዲስ ዕቃ ይዞ መጣ። "ከበፊቱ የደረቀ ነው፤ ከበፊቱም የደቀቀ ነው፤ ዋጋው ግን ያው ነው" አለው። ልጁ ደስ አለው። ቀለሙ ያው፣ ጆንያው ያው፣ መዶሻው ያው። እንደ ልማዱ ቀላቀለው፤ እንደ ልማዱ ጠጠረ፤ እንደ ልማዱም መታው።

የመንደሩ ሰው ሮጦ ሲደርስ ቤቱ የለም፤ የጎረቤቱም ቤት የለም። አሮጊቷ ከግድግዳው ወዲያ ጥጥ ስትፈትል ነበር። መቃኑን ከሦስት ቀን በኋላ እረኞች ከቋጥኝ ሥር አገኙት። ሽማግሌዎች ከበው ተቀመጡና ጭረቶቹን ቆጠሩ፤ የጦር አለቃውን ጠየቁ፣ ገዢዎቹን ሁሉ ጠየቁ፣ አመሳከሩ። አንዲትም ሐሰተኛ ጭረት አልነበረችም።

ተረቱ የእኔ ነው። ከዚህ በታች ያለው ግን የሆነ ነው።

ጀርመን ውስጥ፣ በራይን ወንዝ ዳር፣ ኦፓው በሚባል ቦታ የቢኤኤስኤፍ ኩባንያ ማዳበሪያ የሚያመርትበት ፋብሪካ ነበረ። በ1921 እ.ኤ.አ. ከማከማቻዎቹ አንዱ 4,500 ቶን ያህል ማዳበሪያ ይዞ ነበር፤ አሞኒየም ናይትሬትና አሞኒየም ሰልፌት የተቀላቀሉበት። ይህ ማዳበሪያ እርጥበት ይስባል፤ በራሱ ክብደት ይታመቃል፤ ይጠጥራል። በዶማ እንዳይቆፍሩት ቁልሉ ተንዶ ሠራተኛውን ይቀብረዋል። ስለዚህ ቀዳዳ እየበሱ በትንሽ በትንሹ ድማሚት እያፈነዱ ያላቅቁት ነበር።

ይህን የሰማ ሰው ፈንጂ ሊሆን በሚችል ቁልል ውስጥ ድማሚት የሚያጠምዱትን እንደ ዕብድ ሊያያቸው ይችላል። ዕብዶች አልነበሩም። ቅልቅሉን ፈትነውት ነበር፤ ሁለቱ በእኩል መጠን እስከተቀላቀሉ ድረስ እንደማይፈነዳ አይተዋል። ሥራውንም የሚሠሩት ሙያውን የሚያውቁ ሰዎች ነበሩ። ከዚያ በኋላ ደጋገሙት። እስከዚያ ቀን ድረስ 20,000 ጊዜ ያህል ድማሚት እንደተጠመደበት ይገመታል። በ20,000ውም ጊዜ ማዳበሪያው ተላቀቀ፣ ተጫነ፣ ወደ ገበሬው ሄደ።

በዚያው ዓመት በሐምሌ ወር፣ ዛሬ ፖላንድ በሆነው በክሪቫልድ፣ ሠራተኞች በሁለት የባቡር ፉርጎዎች ውስጥ የጠጠረ አሞኒየም ናይትሬት በፈንጂ ሊያላቅቁ ሲሞክሩ 19 ሰው ሞተ። ኦፓው ላይ ሥራው ቀጠለ።

ሌላም ነገር ነበር፤ እኔ ከሁሉም የሚከብደኝ ይህ ነው። ከአደጋው ወራት ቀደም ብሎ ማዳበሪያውን የማድረቂያው ዘዴ ተለውጦ ነበር። በአዲሱ ዘዴ የሚወጣው ዱቄት እርጥበቱ ያነሰ፣ የላላና የደቀቀ ነበር፤ ናይትሬቱም በአንዳንድ ቦታ ከሌላው በዝቶ ሊከማች ይችላል። ለዓይን ያው ነጭ ቁልል ነው። ለድማሚቱ ግን ሌላ ነገር ነው። 20,000ው ጊዜ የተቆጠረው በአብዛኛው በአሮጌው ዱቄት ላይ ነበር፤ አዲሱ ዱቄት የመጣው ግን ያንኑ ስም ይዞ፣ ወደዚያው ማከማቻ ነው። ቁጥሩ ስሙን ተከትሎ ተሻገረ፤ ለምን እስከዚያ ድረስ እንዳልፈነዳ ከሥር መሠረቱ የሚያውቅ ሰው ቢኖር ኖሮ፣ ዘዴው ሲለወጥ ቁጥሩን እንደገና ከዜሮ ባስጀመረው ነበር።

ሴፕቴምበር 21 ቀን 1921 እ.ኤ.አ.፣ ከጠዋቱ አንድ ሰዓት ተኩል ላይ፣ ሠራተኛ ወደ ሥራ በሚገባበት ሰዓት ማከማቻው ፈነዳ። ከ500 በላይ ሰዎች ሞቱ፤ ወደ 2,000 የሚጠጉ ቆሰሉ። ማከማቻው ቆሞበት በነበረው ቦታ 19 ሜትር ጥልቀት ያለው ጉድጓድ ቀረ። ከኦፓው ቤቶች አብዛኞቹ ፈረሱ፤ ድምፁ 300 ኪሎ ሜትር ርቆ እስከ ሙኒክ ተሰማ። ከዚያ ሁሉ ቁልል የፈነዳው አንድ አሥረኛ ያህሉ ብቻ እንደሆነ ነው የሚገመተው።

ኦፓው የመጨረሻው አልነበረም። ኤፕሪል 16 ቀን 1947 እ.ኤ.አ. ቴክሳስ ሲቲ በሚባል የአሜሪካ ወደብ ግራንካም የተባለ የፈረንሳይ መርከብ ከ2,000 ቶን በላይ አሞኒየም ናይትሬት በወረቀት ከረጢት ጭኖ ቆሞ ነበር። ከጭነቱ ክፍል ጭስ ታየ። ውሃ ጭነቱን እንዳያበላሽ ተብሎ ክዳኑ ተዘጋና እንፋሎት ተለቀቀበት። እሳትን አየር ነስቶ በእንፋሎት ማፈን የባሕር ሰዎች የታወቀ ዘዴ ነው፤ ብዙ መርከብ አድኗል። አሞኒየም ናይትሬት ግን የሚነድበትን ኦክስጅን በውስጡ ይዞ ነው የሚዞረው፤ ከውጭ አየር አይለምንም። እንፋሎቱ ያደረገው ማሞቅ ነው። የጭሱ ቀለም ያማረ ነበርና ሕዝቡ ሊያይ ወደ ወደቡ ወጣ። መርከቡ ፈነዳ። ቢያንስ 581 ሰው አለቀ፤ ከከተማዋ 28 የበጎ ፈቃድ እሳት አጥፊዎች የተረፈው አንድ ብቻ ነው።

ለእኛ የሚቀርበው ቤይሩት ነው። ሮሱስ የተባለች መርከብ በ2013 እ.ኤ.አ. 2,750 ቶን አሞኒየም ናይትሬት ይዛ ወደቡ ገባች፤ በዚያው ቀረች። ጭነቱ በማግስቱ ዓመት ወርዶ መጋዘን ቁጥር 12 ገባ። የጉምሩክ ሹማምንት ጭነቱ ከወደቡ እንዲወጣ ለዳኞች ደጋግመው ጻፉ። አንድ ዓመት አለፈ፤ ምንም አልሆነም። ሁለተኛው አለፈ፤ አምስተኛው አለፈ፤ ምንም አልሆነም። ምንም ያልሆነበት እያንዳንዱ ዓመት ለቀጣዩ ዓመት ዋስ ሆነ። በዚያው መጋዘን ርችትም ተከማችቶ ነበር።

ኦገስት 4 ቀን 2020 እ.ኤ.አ. አመሻሽ ላይ መጋዘኑ በእሳት ተያያዘ። ውስጡ ምን እንዳለ ሳይነገራቸው አሥር የእሳትና የድንገተኛ አደጋ ሠራተኞች ተላኩ፤ አንዳቸውም አልተመለሱም። መጋዘኑ ፈነዳ። ከ200 በላይ ሰው ሞተ፤ ከ6,000 በላይ ቆሰለ፤ ወደ 300,000 የሚጠጋ ሕዝብ ቤት አልባ ሆነ። ድምፁ ባሕር ተሻግሮ ቆጵሮስ ተሰማ።

በዚያች ከተማ በሺዎች የሚቆጠሩ ኢትዮጵያውያን እህቶቻችን በሰው ቤት ይሠሩ ነበር። ከሁለት ወር በፊት የአገሪቱ ገንዘብ ሲወድቅ፣ ደሞዝ አንከፍልም ያሉ አሠሪዎች ብዙዎቹን ከነሻንጣቸው የኢትዮጵያ ቆንስላ ደጅ ላይ ጥለዋቸው ሄደው ነበር። የቀሩት በየአሠሪያቸው ቤት፣ ብዙዎቹ ፓስፖርታቸው በሌላ ሰው እጅ ተይዞ ይኖሩ ነበር። በፍንዳታው ከተጎዱት መካከል እነሱም አሉ። ስለ መጋዘን 12 የተጻፉት ደብዳቤዎች ከጉምሩክ ወደ ፍርድ ቤት፣ ከወደብ ወደ ሹማምንት ሲመላለሱ ስድስት ዓመት ኖረዋል። ከወደቡ አጥር ወዲያ ለሚኖረው ሰው፣ ለባለቤቱም ለሠራተኛዋም፣ ማንም አልነገረም።