በሱቅ ደጃፍ ያለው መንገድ የማን ነው?

በአርባ ምንጭ የሴቻ ሰው ቁልቁል ወርዶ በሲቀላ ሲገበያይ፣ ባጃጁ፣ የጭነት መኪናውና እግረኛው በሱቆች ፊት ለአንድ ጠባብ ስፍራ ይጋፋሉ። ባለሱቁ «ደጃፌ ነው» ይላል፤ ባለመኪናው «መንገድ የመንግሥት ነው» ይላል። እኔ እንደሚመስለኝ ሁለቱም የእውነቱን እኩሌታ ብቻ ይዘዋል።

ባለሱቁ ግብር የሚከፍለው ለንግዱ ነው እንጂ ለጎዳናው አይደለም። ይሁን እንጂ በደጁ መኪና ቀኑን ሙሉ ከቆመ ገበያተኛው አልፎት ይሄዳልና እንጀራው ይጎድልበታል። ባለመኪናውም ከሁሉ ሀብት የሚደርሰው ድርሻ ተራ ነው እንጂ ርስት አይደለም።

ይህን አሳብ የጋሞ አባቶች ያውቁታል። የእርሻ መሬት በጠበበበት በደጋው አገራቸው ሕዝብ የሚመክርበት ዱቡሻ የተባለ ሜዳ አላቸው፤ በባህሉ መሠረት ማንም ለራሱ ሊያርሰው አይገባውም። በጥንታዊት ሮማም ከክርስቶስ ልደት በፊት በ1ኛው መቶ ዓመት የወጣ ሕግ ጋሪዎች በቀን በከተማው ውስጥ እንዳይነዱ ሲከለክል፣ ለሕዝብ ሕንፃ ዕቃ ለሚያመላልሱትና ቆሻሻ ለሚያወጡት ፈቅዶላቸው ነበር።

እንግዲህ ማዘጋጃ ቤት ለማቆሚያ ስፍራ፣ ለማራገፊያም ሰዓት ቢወስን ነፃነት መንፈጉ አይደለም፤ ተራ ማዳረሱ ነው። ነገር ግን ባጃጁን አባሮ የሹሙን መኪና የሚተው ደንብ አድልዎ ነው፤ ሕዝብም ከልቡ አያከብረውም።

ወጣት አንባቢዬ ሆይ፤ ደንብ አስከባሪው በሌለበት ሰዓት እንኳ ጉዳይህን ፈጽመህ ስፍራውን ልቀቅ፤ ከኋላህ የሚመጣውም እንዳንተው ጉዳይ አለውና።