ሣቅና ውሸት

የወሎ ልጅ ነኝ፤ ሐርጌሳ ተቀምጬ ለቴሌቪዥን አጫጭር ቀልድ እጽፋለሁ። ሶማሊኛዬን የሚያርሙልኝ ተዋናዮቹ ናቸው። ሰፈራችን ያሉ ሼህ ሻይ ቤት ሲያገኙኝ፣ «አንተ ልጅ፣ ሰው ለማሳቅ ለሚዋሽ ወዮለት መባሉን አልሰማህም?» ይሉኛል። ሰምቻለሁ፤ ሐዲሱም እንቅልፍ ይነሳኛል።

የምሟገተው ጸሐፌ ተውኔቱን ሐሰን ሼክ ሙሚንን ይዤ ነው። እ.ኤ.አ. በ1968 ለመድረክ የበቃው ተውኔቱ «ሸቤልናጎድ» በሐሰት ኒካህ ሴቶችን የሚያታልል ወሮበላ ታሪክ ነው። ያኔ ሶማሊኛ ገና ይፋዊ ፊደል አልነበረውም (የጸደቀው እ.ኤ.አ. በ1972 ነው)፤ ተዋናዮች ግጥሙን በቃላቸው ያጠኑ፣ ተራውን ንግግር መድረክ ላይ ይፈጥሩ ነበር። ታዲያ ያን ኒካህ እውነት ነው ብሎ የወጣ ተመልካች አለ? ውሸት መታመን ይፈልጋል፤ ቀልድ ግን ካልተነቃበት ቀልድም አይደል።

ሼሁ ግን አልተረቱም። «ሐሜቱስ?» አሉኝ። እዚህ ላይ አፌን ያዝኩ። መንገድ ዳር ሽልንግ እንደ ጡብ ከምሮ ስለሚመነዝር ሰው ጽፌ ነበር፤ መንተባተቡን የወሰድኩት ሁሉም ከሚያውቀው ጎረቤቴ ነው። መንተባተቡን ሰረዝኩት፣ ክምሩን እንዳለ ተውኩት። መንተባተቡን ሊጫወት የነበረው ተዋናይ አሁንም እንዳኮረፈ ነው።