ሌሊት የሚያልፈው ጎረቤታችን



በለቡ፣ በሐና ማርያምና በጀሞ የምትኖሩ ሁሉ ሌሊት የጅብ ጩኸት ሰምታችሁ ታውቃላችሁ። በሩ መዘጋቱን እናረጋግጣለን፤ ልጆቻችንንም «አያ ጅቦ መጣ» እያልን እናስተኛለን። ይሁን እንጂ ጅብ ወንዙንና ገደሉን ተከትሎ የሚመጣው እኛን ሽቶ ሳይሆን፣ ከቤታችን አውጥተን የጣልነውን ፍለጋ ነው። መዝሙረኛው በመዝሙር 104 እንዳመለከተው፣ አውሬው በሌሊት ምግቡን ከእግዚአብሔር ይሻል፤ ሰውም በንጋት ወደ ሥራው ይወጣል። ሌሊቱን ለጅቡ የመደበለት ፈጣሪ ነው።

በትግራይ የተደረገና በ2004 ዓ.ም. የታተመ አንድ ጥናት የሚያስደንቅ ነገር ገልጧል። ተመራማሪዎቹ የጅብ ኩስ ሰብስበው በውስጡ የተገኘውን የእንስሳት ጠጉር ከዐቢይ ጾም በፊት፣ በ55ቱ የጾም ቀናትና ከፋሲካ በኋላ መረመሩ። በጾሙ ወቅት የአህያ ጠጉር እጅግ በዛ። ሰው ሥጋ ሲተው የእርዱ ትርፍራፊ ስለሚቀንስ፣ ጅቡ ፊቱን ወደ አህያ አዙሮ ነበር። እንግዲህ ጾማችን ለጅብም ደርሷል፤ ዕዳውን የከፈሉት ግን ጭነት ተሸካሚው አህያና ድኻው ባለቤቱ ናቸው።

ነቢዩ ኢሳይያስ በምዕራፍ 58 እግዚአብሔር የወደደው ጾም ለተራበ መቁረስ፣ ማደሪያ ላጣ ቤትን መክፈት መሆኑን ያስተምራል። ሥጋውን ትተን ገንዘቡን ለፋሲካ በግ ካስቀመጥነው፣ የመብያውን ቀን አዛወርን እንጂ ምን ሰጠን?

ለክፍለ ከተማችን ቅርብ የሆነውን ቆሼን አስቡ። እኛ በጣልነው ክምር ላይ ሰዎች የሚሸጡትንና የሚበሉትን ይለቅሙ ነበር። መጋቢት 2 ቀን 2009 ዓ.ም. ቅዳሜ ምሽት፣ በዐቢይ ጾም ውስጥ፣ ክምሩ ተንዶ በሥሩ ይኖሩ ከነበሩት ከ100 በላይ የሚሆኑትን ገደለ። ያን ዕለት እኛም ጿሚዎች ነበርን።

መምህራን ሆይ፣ የቅዱስ ፍራንቸስኮስንና የጉቢዮውን ተኩላ ታሪክ ለልጆች ስትተርኩ፣ ብዙ ጊዜ የሚዘለለውን ክፍል አትዝለሉ፤ ተኩላው ላለመጉዳት ቃል ሲገባ የከተማው ሰውም ሊመግበው ቃል ገብቶ ነበር። ከዚያም ልጆቹ በጾም የቀረው የሥጋ ወጪ ስንት እንደሆነ በየቤታቸው ይጠይቁ። ዓርብ ከፍኖተ መስቀል በኋላ ገንዘቡ ተሰብስቦ፣ ፋሲካን ሳይጠብቅ፣ በወንዙ ዳር በላስቲክ ሥር ለሚያድሩት ይድረስ። ጅቡ ሌሊት ሲያልፍ አስቀድሞ የሚያገኘው እነርሱን ነውና።