ንባብና አንድምታ፦ የአሮጌ መኪና መመሪያ በአራዳ

ዕውቀት ከመጽሐፍ ብቻ ይገኛል ወይስ የግድ መምህር ያሻዋል የሚለው ጥያቄ በኢትዮጵያ ሊቃውንት ዘንድ አብዝቶ የሚነሣው በቅዱሳት መጻሕፍት ዙሪያ ቢሆንም፣ በአዲስ አበባ፣ በአራዳና በፒያሳ አሮጌ ቮልስ ወይም ኮሮላ ዲኤክስ ይዞ በገዛ እጁ ለመጠገን መመሪያ የሚፈልግ ሰውም ከዚሁ ጥያቄ አያመልጥም። መመሪያ ሲባል ሁለት ዓይነት ነው። አንደኛው ከመኪናው ጋር የሚሰጠውና ስለ አነዳድ፣ ስለ ዘይት መቀየሪያ ጊዜና ስለ ጎማ ነፋስ የሚያስረዳው ቀጭን መጽሐፍ ነው፤ ሁለተኛው ሞተር እንዴት እንደሚፈታና እንደሚገጠም፣ የእያንዳንዱ ክፍተት ልክ ስንት እንደሆነ የሚዘረዝረው የጋራዥ መመሪያ ነው። አሮጌ መኪና ያለው ሰው አሮጌ መጻሕፍት ከሚሸጡ ዘንድ ወይም በስልክ ከሚተላለፉ ቅጂዎች መካከል አጥብቆ የሚፈልገው ይህን ሁለተኛውን ነው። ያገለገሉ መኪኖች ላይ ከባድ ኤክሳይዝ ታክስ የጣለው አዋጅ ቁጥር 1186/2012 ከወጣና በ2016 ዓ.ም. በነዳጅ የሚሠሩ የቤት መኪኖች እንዳይገቡ ከተከለከለ ወዲህ፣ በከተማዋ ያለው አሮጌ መኪና ዕድሜው እንዲረዝም ስለተገደደ ፍለጋው ከቀድሞው ይልቅ ትርጉም አግኝቷል።

እንዲህ ያለው መጽሐፍ ለተራ ባለንብረት መጻፍ የጀመረው በቅርብ ዘመን ነው። እንግሊዛዊው ጆን ሄይንዝ ስሙን የያዘውን የመጀመሪያ የጥገና መመሪያ ያሳተመው እ.ኤ.አ. በ1966 ሲሆን፣ የሄይንዝ መመሪያዎች የታወቁት መኪናውን በእውነት ፈትቶ መልሶ በመግጠምና እያንዳንዱን ደረጃ ፎቶግራፍ በማንሣት ነው። ከሦስት ዓመት በኋላ አሜሪካዊው ጆን ሙር ስለ ቮልስዋገን ጥገና የጻፈው መጽሐፍ ደግሞ ሙያ የሌለውን ሰው በቀጥታ የሚያናግር ነበር። ሁለቱም የቆሙት የሚያነብ ሰው ሁሉ መሥራት ይችላል በሚል እምነት ላይ ነው፤ የሚመረመረውም ይህ እምነት ነው።

በአብነት ትምህርት ቤት ንባብ የሚባለው የመጽሐፉ ቃል ነው፤ አንድምታ የሚባለው ደግሞ መምህሩ ያንን ቃል በአማርኛ ከፈታ በኋላ «አንድም» እያለ የሚያስከትለው የትርጓሜ ሰንሰለት ነው። ንባብ ብቻውን የቀረ ተማሪ ቃሉን ይዟል፣ ምሥጢሩን ግን አልያዘም ይባላል። የጥገና መመሪያም በአራዳ እንዲሁ ንባብ ሆኖ ይቀራል፤ ምክንያቱም አብዛኛው ልክ የተጻፈው ከባሕር ወለል ብዙ ከፍ ላላለ አገር ሲሆን፣ አራዳ ያለው ግን 2,400 ሜትር ገደማ ከፍታ ላይ ነው። በዚህ ከፍታ የአየሩ እፍጋት በባሕር ወለል ካለው ወደ ሦስት አራተኛው ይወርዳል፤ በመሆኑም በመጽሐፉ ልክ የተስተካከለ ካርቡራተር ለሚገባው አየር ከሚበቃው በላይ ነዳጅ ይሰጣል፣ ካንዴላው ጥቀርሻ ይለብሳል፣ ዳገት ላይም ጉልበት ያንሳል። መጽሐፉ አልዋሸም፤ የተናገረው ስለ ሌላ አየር ነው። የቮልስ ሞተርም ሌላ ምሳሌ ይሰጣል። የኋለኞቹ ሞተሮች የቫልቭ ክፍተት ሞተሩ ቀዝቃዛ እያለ 0.15 ሚሊሜትር ሲሆን የቀደሙት ልካቸው ይለያል፤ ሞተሩ በዘመናት ውስጥ በሌላ የተተካ መኪና ደግሞ በአካሉ የምርት ዓመት ብቻ ቢነበብ ያሳስታል። ትክክለኛውን ንባብ ለማግኘት መጀመሪያ የሞተሩን ቁጥር ማንበብ ይገባል።

በዚህ ላይ የቋንቋው ርቀት አለ። በጣሊያን ወረራ ዘመን ፒያሳ ስሟን እንዳገኘች ሁሉ የጋራዡም ቃል አብዛኛው ከጣሊያንኛ የመጣ ነው፤ መካኒኩ ካንዴላ፣ ፍሪሲዮን፣ ቴስታታ፣ ካምቢዮ ሲል የእንግሊዝኛው መመሪያ ስፓርክ ፕላግ፣ ክላች፣ ሲሊንደር ሄድ፣ ጊርቦክስ ይላል። አንባቢው ገጹን ከመፍታቱ በፊት በሁለት ባዕድ ቋንቋዎች መካከል በአማርኛ መቆም አለበት፤ ይህም ራሱ የትርጓሜ ሥራ ነው።

ሆኖም ንጽጽሩ እስከ መጨረሻው አይሄድም። የመጽሐፍ ቅዱስ አንድምታ ብዙ ትርጓሜዎችን ጎን ለጎን አቁሞ ሁሉንም ያከብራል፤ መካኒኩ ግን ሞተሩ አልነሣ ሲል «አንድም ነዳጅ አልደረሰም፣ አንድም ካንዴላው እሳት አልሰጠም» ቢልም አንዱ እውነት ሆኖ ሌላው እስኪወድቅ ድረስ መፈተን አለበት። ፕላቶን «ፌድሮስ» በተባለው ድርሰቱ ጽሑፍ ሲጠየቅ ደጋግሞ አንዱን ብቻ ይመልሳል፣ ራሱንም መከላከል አይችልም ሲል የከሰሰው ክስ ለንግግር ጥበብ የጸና ሊሆን ይችላል፤ በእጅ ሥራ ግን ከመጽሐፉና ከመምህሩ ሌላ ሦስተኛ ምስክር አለ፣ እርሱም ሞተሩ ነው። መጽሐፉ ዝም ባለበት ሞተሩ ይመልሳል፤ መምህሩ በተሳሳተበትም ሞተሩ ይመሰክርበታል። ስለዚህ መመሪያ መፈለግ መምህርን መናቅ አይደለም፤ ተማሪው «ለምን?» ብሎ የመጠየቅ መብቱን የሚያስከብርበት መንገድ ነው።

ይህ መብት በአራዳ ቀላል ነገር አይደለም። የመጀመሪያው መኪና አዲስ አበባ በገባበት በ1900 ዓ.ም. ዳግማዊ ምኒልክ ባለእጅን በሙያው መስደብን የሚከለክል አዋጅ ማውጣታቸው የእጅ ዕውቀት ምን ያህል ተንቆ እንደኖረ ያሳያል፤ ለቤተ መንግሥት ሥራ የተሰበሰቡ ባለእጆች የሰፈሩበት ሠራተኛ ሰፈርም ከፒያሳ ብዙ አይርቅም። የተናቀ ባለእጅ ሙያውን መሸሸጉ አያስደንቅም፤ ያለው ሀብት እርሱ ብቻ ነበርና። መጽሐፍ ቅዱስ ግን ከዚህ የተለየ ነገር ይነግራል፦ በኦሪት ዘፀአት እግዚአብሔር ባስልኤልን በጥበብ መንፈስ ሲሞላው፣ ወርቅና ነሐስ የመሥራትን ችሎታ ብቻ ሳይሆን ሌሎችን የማስተማርን ፈቃድም በልቡ እንዳኖረ በምዕራፍ 35 ተጽፏል። ማስተማሩ የጥበቡ ተጨማሪ ጌጥ ሳይሆን የስጦታው አካል ሆኖ ነው የቀረበው፤ ሙያን መሸሸግ ታሪካዊ ምክንያት ቢኖረውም፣ በዚህ ሚዛን ሲታይ የስጦታውን ግማሽ መቅበር ነው።

ጉዳዩ አሁን አስቸኳይ ሆኗል። በ2016 ዓ.ም. የፒያሳ ነባር ሰፈሮች ሲፈርሱ የሰፈሩ ሰዎች ወደ ከተማዋ ዳርቻ ተበትነዋል፤ አንዱ ከሌላው ደጅ ቆሞ በማየት የሚማረው ዕውቀትም አብሮ ተበትኗል። አንድምታው ራሱ ለዘመናት በቃል ከኖረ በኋላ ተጽፏል፣ ታትሟልም፤ ጉባኤ ቤቱ ግን በዚያ ምክንያት አልተዘጋም። የጋራዡ አንድምታም መጻፍ ይችላል፤ ለዚህ አዲስ መጽሐፍ አያስፈልግም፣ የአሮጌው መመሪያ ኅዳግ ይበቃል። ከባሕር ወለሉ ልክ አጠገብ ካንዴላው ጥቀርሻ ያልያዘበት የአራዳው ልክ፣ ከሞተሩ ቁጥርና ከተሠራበት ቀን ጋር በእርሳስ ቢጻፍ፣ መኪናውን ቀጥሎ የሚገዛው ሰው ከቁልፉ ጋር መጽሐፉንም ይረከባል።